ሮዝ ባትኖርበት ይሻል ነበር? በ«ቤተር ኦፍ ቴድ» ላይ የተነሣ ክርክር

በመድረካችን ላይ የተከፈተው ይህ የውይይት ክር ሃያ አራት መልሶች ስላሉትና ግማሹ ከርእሱ እየወጣ ስለሚመለስ፣ ሁሉንም ለማንበብ ጊዜ ላጡ አባላት በቅደም ተከተል አጠር አድርጌ አቅርቤዋለሁ። የማንንም ቃል እንዳለ አልገለበጥሁም፤ እዚህም እዚያም የራሴን አስተያየት ጣል ማድረጌን ግን አልክድም።

የመክፈቻው ጽሑፍ

ክሩን የከፈተው ወንድም «ቤተር ኦፍ ቴድ» የተባለውን የአሜሪካ አስቂኝ ተከታታይ ሰሞኑን አይቶ እንደጨረሰና ሥራው ዕድሜ ያጣበትን ምክንያት እንዳገኘ ይናገራል። ላላዩት ሲያስረዳም፣ ቴድ ክሪስፕ ቬሪዲያን ዳይናሚክስ በሚባል የማይሠራው ነገር በሌለ ግዙፍ ኩባንያ ውስጥ የምርምርና ልማት ክፍል ኃላፊ መሆኑን፣ በላዩ ቬሮኒካ የምትባል ርኅራኄ ያልፈጠረባት አለቃ፣ በሥሩ ደግሞ ፊልና ሌም የተባሉ ሁለት ሳይንቲስቶችና ምርት የምትፈትሸው ሊንዳ መኖራቸውን፣ ማታ ሲገባም ብቻውን የሚያሳድጋት ሮዝ የምትባል ትንሽ ልጅ እንደምትጠብቀው ይገልጻል። ጥፋቱን የጣለው በዚህችው ልጅ ላይ ነው። ታሪኩ ከመሥሪያ ቤቱ ወጥቶ ወደ ቴድ ቤት በገባ ቁጥር ሳቁ ይቀዘቅዛል፤ ተከታታዩን ያሳየው የአሜሪካ ጣቢያ ኤቢሲም የያዘው የቤተሰብ ኮሜዲ ይሁን የመሥሪያ ቤት ኮሜዲ መለየት ስላቃተው በአንድ ሲዝን ብቻ ቀበረው ይላል። አነጋገሩ ትሑት ነው፤ ተሳስቼ ከሆነ ታላላቆቼ ያርሙኝ ብሎ ይፈርማል። ታላላቆቹም አልዘገዩም።

መልስ 1

የመጀመሪያዋ መላሽ ምስጋናዋን አቅርባ በሐሳቡ ተስማማች። ከተከታታዩ በአእምሮዋ የቀረችው ቬሮኒካን ሆና የተጫወተችው ፖርሺያ ዴ ሮሲ ብቻ መሆኗን፣ ሮዝ የምትባል ልጅ መኖሯንም የመክፈቻውን ጽሑፍ እስክታነብ ድረስ ረስታው እንደነበር ትናገራለች።

መልስ 2

ይህ መልስ እርማት ብቻ ነው። ተከታታዩ አንድ ሳይሆን ሁለት ሲዝን እንዳለው፣ በድምሩ 26 ክፍሎች እንደተሠሩ፣ ኤቢሲ ግን 24ቱን ብቻ እንዳሳየ ይገልጻል። የመጀመሪያው ክፍል የታየው እ.ኤ.አ. መጋቢት 18 ቀን 2009፣ የመጨረሻው ደግሞ ጥር 26 ቀን 2010 ነው። ሰላምታም ስንብትም የለውም።

መልስ 3

ዕድሜያቸው ጠና ያለ መሆኑ ከአጻጻፋቸው የሚታወቀው አባል፣ ቤትንና ሥራን ማደባለቅ ተከታታይን ይገድላል የሚለውን ነገር በታሪክ ማስረጃ ለማፍረስ ተነሡ። ከ1960 እስከ 1968 የታየው «ዘ አንዲ ግሪፊት ሾው» ሚስቱ የሞተችበት የአንዲት ትንሽ ከተማ ሸሪፍ ኦፒ የሚባለውን ልጁን ሲያሳድግ የሚያሳይ ነበር፤ ግማሹ ታሪክ በጽሕፈት ቤቱ፣ ግማሹ በቤቱ በረንዳ ላይ እየተካሄደ ስምንት ሲዝን ዘልቋል። በ1961 የጀመረው «ዘ ዲክ ቫን ዳይክ ሾው»ም ሰውየውን ቀን ከኮሜዲ ጸሐፊ ጓደኞቹ ጋር፣ ማታ ከሚስቱና ከልጁ ጋር እያሳየ አምስት ሲዝን ሄዷል። እንግዲህ ቅይጡ ራሱ ገዳይ ቢሆን ኖሮ እነዚህ ሁለቱ ገና ሳይወለዱ በሞቱ ነበር ብለው ይደመድማሉ። ከርእሱ ንቅንቅ ሳይሉ የጻፉት መልስ ነው፤ በዚህ ክር ውስጥ እንዲህ ያለው ብዙ አይገኝም።

መልስ 4

ቨርጂኒያ ውስጥ ሌሊት የሚሠራ አባት ነው። የሮዝን ቦታ ለማስረዳት ልጆቹ በኩባንያው የሕፃናት መዋያ ውስጥ ሳሉ የአደጋ መከላከያ ልብስ የሚለብሱበትን፣ በመጀመሪያው ሲዝን ሦስተኛ የሆነውን ክፍል ያስታውሰናል። ቬሮኒካ ሠራተኞችን ማባረር አለባት፤ የሚባረረው ሰው በሕፃን ፊት መጮኽና ማልቀስ እንደሚያፍር ስትደርስበት ሮዝን አጠገቧ አስቀምጣ ማሰናበቱን ትቀጥላለች። መላሹ ይህን ሲያይ መጀመሪያ ስቆ ወዲያው ሳቁን ያቆመው፣ ልጅቷ በሥራዋ የተደሰተች መምሰሏን ባየ ጊዜ ነው። የገዛ ልጁ ሌሊት ሌሊት ምን እንደሚሠራ ስትጠይቀው ኮምፒዩተሮችን እንዳይሞቃቸው እጠብቃለሁ ብሎ እንደሚመልስላትና እርሷም ለኮምፒዩተሮቹ እንደምታዝን ይጨምራል።

መልስ 5

የክሩ ቃና መለወጥ የጀመረው እዚህ ላይ ነው። መላሹ 3ኛውን መልስ የሰጡትን አባል በአክብሮት «እርስዎ» እያለ ቢጀምርም፣ ማስረጃቸው በማይሆን ሚዛን የተመዘነ ነው ይላል፤ ያን ጊዜ የአሜሪካ ተመልካች ምርጫው ሦስት ዋና ዋና ጣቢያዎች ነበሩ፣ በ2009 ግን አንድ ሰው ሰለቸኝ ብሎ የሚሸሽበት በመቶ የሚቆጠር ቦታ ነበረው። 4ኛውን መልስ ደግሞ ከነጭራሹ ናቀው። አባት የሆነ ሁሉ ሕፃን ባየ ቁጥር አንጀቱ ይላወሳል፤ ይህ የጽሑፉን ጥራት አያሳይም አለ። ሐቅ አለው፤ አነጋገሩ ግን ልጅ የሌለው መሆኑን ይመሰክራል ብዬ አለፍሁ።

መልስ 6

ምክንያቱ ልጅቷም ቅይጡም ሳይሆኑ የጣቢያው የጊዜ ሰሌዳ ነው የሚል ረዘም ያለ ጽሑፍ ነው። ተከታታዩ ረቡዕ ማታ «ስክረብስ» ከተባለው ኮሜዲ ቀጥሎ እንዲታይ ተደርጎ በጸደይ ጀመረ፤ የተመልካቹ ቁጥር ዝቅተኛ ሆኖ ሳለ ማንም ሳይጠብቀው ሁለተኛ ሲዝን ተፈቀደለት። ሆኖም በ2009 መስከረም ኤቢሲ የረቡዕን ምሽት ለአዳዲስ ኮሜዲዎች ሰጠው፤ ከእነርሱ አንዱ «ሞደርን ፋሚሊ» ነበር። «ቤተር ኦፍ ቴድ» እስከ ታኅሣሥ ድረስ ተንጠልጥሎ ቆየና ወደ ማክሰኞ ተዛወረ፤ ከዚያም ክፍሎቹ እየተጣደፉ እንዲያልቁ ተደረገ። የረቡዕን ቦታ የወረሰው «ሞደርን ፋሚሊ» ግን እስከ 2020 ድረስ 11 ሲዝን ኖረ። መላሹ የእንግዳን መኝታ ለዘመድ እንደመስጠት ነው ይለዋል። ይህ በእኔ ግምት ከክሩ ሁሉ ወደ እውነቱ የተጠጋው መልስ ሆኖ ሳለ ማንም አልተከራከረበትም፤ ስለዚህም ተረሳ።

መልስ 7

ስለ ቴድ ራሱ የተጻፈ አጭር ወቀሳ ነው። ቴድ መልካም ሰው ነው እየተባለ ይወደሳል፤ ይሁን እንጂ ገና በመጀመሪያው ክፍል ኩባንያው ፊልን በሕይወቱ በበረዶ አድርቆ ለማቆየት ሲያስብ፣ ሄዶ ያግባባው ይኸው ቴድ ነው። ፊል ከቀለጠ በኋላ ሳያውቀው በየመካከሉ ይጮኻል። የአህያ ባል ከጅብ አያስጥልም የሚለው ተረት እንዲህ ላለ መካከለኛ አለቃ የተተረተ ይመስል በልኩ ተሰፍቶለታል ይላል።

መልስ 8

ክሩን ወደ ሌላ አቅጣጫ የወሰደችው ይህች እህት ናት። በአንድ ትልቅ ሕንፃ ውስጥ በጽዳት ሥራ ላይ እንዳለች ገልጻ፣ ከተከታታዩ ሁሉ የማትረሳው በመጀመሪያው ሲዝን አራተኛ የሆነውን ክፍል መሆኑን ትነግረናለች። ቬሪዲያን ወጪ ለመቀነስ መብራቱን፣ በሩን፣ አሳንሰሩንና የመጠጥ ውኃውን ሁሉ ሰው ሲቀርብ በሚያውቅ መሣሪያ ይተካዋል፤ መሣሪያው ከቆዳ ላይ በሚመለስ ብርሃን ስለሚሠራ ጥቁር ሠራተኞችን አያያቸውም። ሌም የሚሠራበት ክፍል ይጨልምበታል፤ በሩ አይከፈትለትም። ኩባንያው መፍትሔ ብሎ በመጀመሪያ ለጥቁሮች የተለየ በእጅ የሚከፈት የመጠጥ ውኃ ያስቀምጣል፤ ያ ሲያሳፍር ደግሞ እያንዳንዱን ጥቁር ሠራተኛ እየተከተለ በር የሚያስከፍትለት ነጭ ሰው ይቀጥራል። ቬሮኒካም ጥቁሮችን ማጥቃት ሳይሆን አለማየት ብቻ ስለሆነ ዘረኝነት ሊባል አይችልም ብላ ትከራከራለች።

እህታችን ከዚህ ቀጥላ የራሷን ነገር አስቀመጠች። በምትሠራበት ሕንፃ ሦስተኛ ፎቅ ከአራቱ የእጅ መታጠቢያ ቧንቧዎች አንዱ እጇን ስትዘረጋለት አይከፈትም፤ መዳፏን ብትገለብጥለትም፣ ብታስጠጋለትም፣ ብታርቅለትም ያው ነው። አንድ ቀን በእጇ ላይ ነጭ የወረቀት ፎጣ እንደያዘች ብትዘረጋ ወዲያው ፈሰሰ። ወረቀቱን አነሣች፤ ቆመ። መለሰችው፤ ፈሰሰ። ሦስት ጊዜ ደጋግማ ካረጋገጠች በኋላ ብቻዋን እንደሳቀችና፣ ሌሊቱን ያንኑ የተከታታዩን ክፍል ፈልጋ እንደገና እንዳየችው ትናገራለች።

መልስ 9

አንድ የኤሌክትሪክ ባለሙያ አሠራሩን በትዕግሥት አስረዳ። እንዲህ ያለው ቧንቧ ዓይን የማያየው ጨረር ይለቅቃል፤ የሚመለስለት መጠን ከተወሰነለት ልክ ካለፈ ውኃውን ይከፍታል። ጠቆር ያለ ቆዳ የሚመልሰው ብርሃን ሊያንስ ስለሚችል ዋናው ጉዳይ ልኩ የት ላይ ተቀመጠ፣ ሲቀመጥስ በማን እጅ ተሞከረ የሚለው ነው።

መልስ 10 እና 11

አሥረኛው መላሽ ይህ ሁሉ የባትሪ ማለቅ ወይም የመስታወቱ መቆሸሽ እንደሚሆን፣ ሰው ለሁሉም ነገር ቀለሙን ምክንያት ማድረግ እንደሌለበት ጻፈ። አሥራ አንደኛው ይህን ሲያነብ ቱግ አለ። ሰውየውን በቀደመው ገጽ ላይ «እርስዎ» ሲለው የነበረው አባል አሁን «አንተ» ብሎ ጀመረ፤ የባትሪ ማለቅ ነጭ ወረቀትን ከጥቁር እጅ የሚለየው በምን ዓይኑ እንደሆነ ጠየቀ፤ የቬሮኒካን ክርክር ቃል በቃል እየደገመ ራሱን ብልኅ አድርጎ መቁጠሩንም አሾፈበት። ከዚህ የባሰ ሁለት ዓረፍተ ነገር ነበረው፤ ተሰርዟል።

መልስ 12

አወያዩ ገብቶ ሁለቱንም ገሠጸ። ቁጣው ተገቢ ቢሆን እንኳ አንቱታ እንዳይቀር አሳስቦ፣ ርእሱ ሮዝ መሆኗን አስታወሰ። ማንም አልሰማውም።

መልስ 13

ተከታታዩ ነቢይ ነበር የሚል ጋለ ያለ ጽሑፍ ነው። የሌም ክፍል በታየበት በዚያው በ2009 ማብቂያ ላይ፣ የላፕቶፕ ካሜራ የነጭን ሠራተኛ ፊት እየተከተለ የጥቁር ባልደረባውን ግን ችላ ሲል የሚያሳይ ቪዲዮ በዩቲዩብ መሠራጨቱን ያነሣል። ኩባንያው ያለ ላም ሥጋ የሚያበቅልበት ክፍልም አለ፤ ቀማሹ ጣዕሙን ተስፋ መቁረጥ ብሎ የሚገልጽበት ነው። ይህም በተላለፈ በአራተኛው ዓመት፣ ነሐሴ 2013 ላይ፣ የማስትሪክት ዩኒቨርሲቲው ማርክ ፖስት በቤተ ሙከራ ያደገ የበሬ ሥጋ በለንደን አስጠብሶ አስቀምሷል። ከሁሉም በላይ ግን አዲስ አበባ ተወልዳ ያደገችው የሰው ሠራሽ አስተውሎት ተመራማሪ ትምኒት ገብሩ ከጆይ ቡላምዊኒ ጋር በ2018 ያወጣችውን ጥናት ይጠቅሳል። ሰዎችን ከፊታቸው ወንድ ወይም ሴት ብለው የሚለዩ የገበያ ሥርዓቶች ነጣ ባለ ወንድ ላይ ስሕተታቸው ቢበዛ 0.8 ከመቶ ሲሆን፣ ጠቆር ባለች ሴት ላይ እስከ 34.7 ከመቶ ይደርስ ነበር። የሌምን ጨለማ በቁጥር የጻፈችው የእኛው ልጅ ናት ብሎ ጨረሰ።

መልስ 14

3ኛውን መልስ የሰጡት አባል ተመልሰው ትንቢት የሚለውን ቃል ተቃወሙ። የፎቶግራፍ ፊልም በሚታተምበት ዘመን ቤተ ሙከራዎች ቀለም የሚያስተካክሉት ሸርሊ ካርድ በሚባል የነጭ ሴት ምስል እንደነበር፣ በዚህም የተነሣ የጥቁር ሰው ፊት በፎቶ ላይ ጨልሞ ይቀር እንደነበር ያስታውሳሉ። የሠርጋቸው ፎቶ ላይ ከርሳቸው የሚታየው ሸሚዝና ጥርስ ብቻ ነው። የተከታታዩ ጸሐፊዎች ወደፊት አላዩም፤ ያዩት ወደ ኋላ ነው ይላሉ። በእኔ በኩል ይህ ከ13ኛው መልስ በላይ ጸሐፊዎቹን የሚያስመሰግን ነው።

መልስ 15 እና 16

እዚህ ላይ ክሩ ጨርሶ ወደ ሰዋስው ገባ። በሁለተኛው ሲዝን ኩባንያው ሠራተኞች ጸያፍ ቃል እንዳይጠቀሙ ሊጽፍ ሲል በአንድ ፊደል ስሕተት እንዲጠቀሙ ያዘዘ ማስታወቂያ ይበትናል፤ የበላዮች ስለማይሳሳቱም ትእዛዙ ይከበርና ሁሉም መሰዳደብ ይጀምራል። 15ኛው መላሽ ይህ ቀልድ ከእንግሊዝኛ ውጭ እንደማይሠራ ጽፎ ነበር። 16ኛዋ፣ በትርጉም ሥራ የምትተዳደር፣ አማርኛ እንዲያውም የተሻለ መሆኑን አሳየችው፤ «ጸያፍ ቃል አይጠቀሙ» ከሚለው «አ» ብትወድቅ «ጸያፍ ቃል ይጠቀሙ» ይሆናል፣ ሌላ ምንም መንካት አያስፈልግም። ማስታወቂያውን የሚተይበው ሰው ቁርሱን ሳይበላ ከመጣ በቂ ነው አለች።

መልስ 17 እና 18

ሰምና ወርቅ የማይነሣበት ክር የለንም፤ በዚህም ተነሣ። 17ኛው መላሽ በየክፍሉ መካከል የሚገቡትን የቬሪዲያን የሐሰት ማስታወቂያዎች፣ ለስላሳ ድምፅና የሚስቁ ቤተሰቦች ይዘው ጀምረው ወደ ጭካኔ የሚዞሩትን፣ ሰምና ወርቅ ናቸው አለ። 18ኛው አልተስማማም። ወርቅ የሚደበቅ ነገር ነው፤ እነዚያ ማስታወቂያዎች ግን ምንም አይደብቁም፣ ጭካኔውን በዚያው ለስላሳ ድምፅ ፊት ለፊት ይናገሩታል፤ የሚያስቀውም አለመደበቃቸው ነው። 18ኛው ልክ ነው።

መልስ 19

ትዕግሥቱ ያለቀ አባል ሁሉንም ወደ ጥያቄው መለሰ። ቬሪዲያን ውስጥ ሁሉም ይዋሻል፤ ሊንዳ እንኳ አመፅዋ የቡና ወተት ሰርቆ መሳቢያ ውስጥ ማከማቸት ነው፣ ፊት ለፊት አይደለም። ቴድ ካሜራውን እያየ ለእኛ የሚናገረውም ለራሱ የሚመች አድርጎ ነው። ቴድ አሳምሮ ሊነግራት ሲሞክር የሚጨናነቅባት አንዲት ሮዝ ናት። እርሷን ማውጣት ማለት ኩባንያው ልክ ነው ማለት ነው ይላል። ጠንከር ያለ አባባል ነው፤ ከመክፈቻው ጽሑፍ ወዲህ ስለ ልጅቷ በቀጥታ የተጻፈ ሁለተኛው ብቻ መሆኑ ግን ያሳዝናል።

መልስ 20 እና 21

20ኛው መላሽ የፈጣሪውን የቪክተር ፍሬስኮን ታሪክ አመጣ፤ ከዚህ በፊት ለፎክስ ጣቢያ የሠራው «አንዲ ሪክተር ኮንትሮልስ ዘ ዩኒቨርስ» የተባለ የመሥሪያ ቤት ኮሜዲም በ2003 ተቀጭቷል፤ ፊልን የሚጫወተው ጆናታን ስላቪን በዚያም ነበረበት። በዚያ ሥራ ውስጥ ሕፃን ልጅ እንደሌለችና እርሱም እንደሞተ መጥቀሱ ለመክፈቻው ጽሑፍ መልስ ነው፣ ባይለውም። 21ኛው ስላልታዩት ሁለት ክፍሎች ነገረን። ኤቢሲ ሊያሳያቸው ያቀደው በሰኔ 17 ቀን 2010፣ የአሜሪካ ቅርጫት ኳስ ሊግ የኤንቢኤ ፍጻሜ ሰባተኛ ጨዋታ ካላስፈለገ ብቻ ነበር። ሌከርስና ሴልቲክስ ሦስት ለሦስት ሆኑ፤ ሰባተኛው ጨዋታ አስፈለገ፤ ሌከርስ 83 ለ79 አሸነፈ። መላሹ የሌከርስ ደጋፊ በመሆኑ እስከ ዛሬ ለማን ማዘን እንዳለበት አያውቅም።

መልስ 22

ክሩን የከፈተው ወንድም ተመለሰ። የሲዝኑን ቁጥር መሳሳቱን አምኖ ይቅርታ ጠየቀ፤ 3ኛውን መልስ የሰጡትን አባል ስለ አንዲ ግሪፊት አመሰገነ። በዋናው ነገር ግን አልተበገረም። ቬሮኒካ ያለችበትን የሮዝ ትዕይንት ሁሉ ይተውልኝ፣ ቴድ አልጋዋ ጫፍ ላይ ተቀምጦ የሚመክራትን ግን ዛሬም እቆርጠዋለሁ አለ። እኔም እዚህ ላይ ከእርሱ ጋር ነኝ።

መልስ 23

አሥረኛውን መልስ የጻፈው ሰው ሳይታሰብ በሌላ ቃና መጣ። 8ኛዋን እህት «እርስዎ» ብሎ ይቅርታ ጠይቆ፣ ቧንቧው ተጠግኖ እንደሆነ ጠየቃት።

መልስ 24

አልተጠገነም። ሦስት ጊዜ አመልክታ ሰው መጥቶ በእጁ ሞክሮት፣ ይሠራል ብሎ ፈርሞ ሄዷል። አሁን ታጥፎ የተቀመጠ ነጭ ወረቀት በሽርጧ ኪስ ይዛ ትዞራለች። ባለፈው ክረምት ትምህርት ሲዘጋ የስምንት ዓመት ልጇን ይዛ ገብታ ነበር፤ ልጅቷ እናቷ ገና ሳትታጠብ ወረቀት ማውጣቷን አይታ ለምን እንደሆነ ጠየቀቻት። እጄን ላደርቅበት ነው አለቻት። ልጅቷም እጇ ገና ደረቅ መሆኑን ነገረቻት።